ድምፅ አልባው ኮሜዲ ለምን ይጣደፋል?

ጥያቄ፦ በጥንቶቹ ድምፅ አልባ አጫጭር ፊልሞች ሰዉ ሁሉ እንደ ጉንዳን ይተራመሳል። የማሽኑ ችግር ነው ወይስ ሆን ተብሎ? እኔም እንዲህ ያለ ፊልም በስልክ ልሠራ አስቤአለሁ።

መልስ፦ ሁለቱም አለበት። ካሜራው በእጅ የሚዞር ነበር፤ አንድ ዙር 8 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ይቀርጻል፣ በሰከንድ ሁለት ዙር 16 ይሆናል። እንደ ኪስቶን ባሉ የኮሜዲ ስቱዲዮዎች ፖሊስና ሌባ መሯሯጥ ሲጀምሩ ካሜራማኑ እጁን ያዘገያል። በ12 ፍሬም የተቀረጸ ሩጫ በ16 ሲታይ በሲሶ ይፈጥናል። በዚያ ላይ እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚያገኝበት ጊዜ ስለሚረዝም የሌንሱ ቀዳዳ ካልጠበበ ምስሉ ይነጣል። ድምፅ ከመጣ በኋላ ማሳያ ማሽኖች በሰከንድ 24 ፍሬም ላይ ጸኑ፤ ያው 12 ፍሬም እጥፍ ፍጥነት አገኘ። ዛሬ የምናውቀው ጥድፊያ በአብዛኛው ይሄኛው ነው፤ የቀልዱን ግማሽ የገደለውም እሱ ነው ባይ ነን።

ስልክዎ የሚፈቅድ ከሆነ በ18 ፍሬም ቀርጸው በ24 ያሳዩ። ካልሆነ ሲያቀናብሩ ፍጥነቱን 1.3 እጥፍ ያድርጉት፤ ከ1.5 አይለፉ። የብርሃን መጠኑን ይቆልፉ፤ አለዚያ ተዋናዩ በነጭ ግድግዳ ፊት ባለፈ ቁጥር የምስሉ ብርሃን ይለዋወጣል። ካሜራው ከቦታው አይነቃነቅ፣ ተዋናዩም ከራስ ጸጉሩ እስከ እግር ጥፍሩ ይታይ።

ጀማሪ የሚስተው ግን ሁሉንም ማፍጠኑ ላይ ነው። ባልዲ ውሃ የተደፋበት ሰው ወዲያው ከሮጠ ሳቅ የለም። ባልዲውን ከራሱ ያውልቅ፣ ውሃው ከአፍንጫው እየተንጠባጠበ የደፋበትን ሰው ሁለት ሰከንድ ይመልከት። ያቺን ቦታ በመደበኛው ፍጥነት ይተዉአት።

ጥያቄ፦ አወዳደቁስ የእውነት ነበር?

መልስ፦ አብዛኛው አዎ። የዘመኑ ኮሜዲያን በስተር ኪተን ለ1924ቱ «ሸርሎክ ጁኒየር» ፊልም ሲቀረጽ ከውሃ ማጠራቀሚያ ማማ የወረደ ውሃ ሐዲድ ላይ ጥሎት አንገቱ ተሰብሯል፤ ይህንን ያወቀው ከዓመታት በኋላ ነው። ሌላው ኮሜዲያን ሃሮልድ ሎይድ ደግሞ በ1919 ለፎቶግራፍ የያዘው የማስመሰያ ቦምብ የእውነት ፈንድቶ የቀኝ እጁን አውራ ጣትና ጠቋሚ ጣት አጥቷል።

እርስዎ ፍራሽ ያንጥፉ። ወደ ኋላ ሲወድቁ አገጭ ደረት ላይ፣ ጉልበት ታጥፎ፣ መቀመጫ ይቅደም፤ ከዚያ ጀርባን አጉብጦ መንከባለል። እጅ ወደ ኋላ ዘርግቶ መደገፍ አንጓ ያሰብራል። ፍራሹ እንዳይታይ ከሶፋ ኋላ ይነጠፍና ተዋናዩ ከሶፋው በላይ ወደ ኋላ ይገልበጥ፤ ከላይ ብቅ ብለው የሚቀሩት ሁለት እግሮቹ ለቀልዱ ይበቃሉ።