ፖቾንግ ፎቅ ቤት ሲገባ

ጥያቄ፦ የኢንዶኔዥያ ሆረር ፊልሞች የጥንት ተረት መናፍስትን ወደ ጃካርታ አፓርታማ አምጥተዋቸዋል። አንዳንዱ ያስፈራል፣ አንዳንዱ ያስቃል። ልዩነቱ ከምን ይመጣል? ፕሮዲውሰሩስ ከየት ይጀምራል?

መልስ፦ ከመንፈሱ መልክ ሳይሆን ከሚነሣበት ምክንያት ይጀምራል። ፖቾንግ በከፈን የተጠቀለለ ሬሳ ነው። ከፈኑ በራስና በእግር በኩል ይታሰራል፤ መቃብር ውስጥ ቋጠሮው ካልተፈታ ሟቹ ፍቱኝ ሊል ይመጣል ይባላል። ስክሪፕቱ ይህን ትቶ ፖቾንጉን ያገኘውን ሁሉ የሚገድል ካደረገው የተረፈው ነጭ ጨርቅ ብቻ ነው፤ ተመልካች የሚስቀውም ያኔ ነው። መዘመን ያለበት ቋጠሮው ሳይፈታ የቀረበት ሰበብ ነው፤ የውርስ ጠብ ወይም በጥድፊያ የተፈጸመ ቀብር ይበቃል።

ኩንቲላናክ ላይ ደግሞ ብዙው ጥፋት የሚሠራው ድምፅ ቅንብር ክፍል ውስጥ ነው። ኩንቲላናክ ነፍሰ ጡር ሳለች ወይም በወሊድ የሞተች ሴት መንፈስ ናት። በተረቱ መሠረት ድምጿ ጎልቶ ከተሰማ ሩቅ ናት፤ ከሳሳ አጠገብህ ደርሳለች። የድምፅ ባለሙያው እንደለመደው ስትቀርብ ከፍ ካደረገው የአገሬው ሰው የሚያውቀው ፍርሃት ይገለበጣል። ሙዚቃውን ማቆም፣ የነፋሱንና የማራገቢያውን ድምፅ መቀነስ፣ ከዚያ ሳቋን ዝቅ ማድረግ ነው። ዝምታው ካልቀደመ የሳሳው ሳቅ አይሰማም።

ቀኑም ይቆጠር። አስፈሪው የአርብ ክሊዎን ሌሊት፣ ማለትም የሐሙስ ማታው፣ የሰባት ቀኑ ሳምንት አርብና ከጃቫ የአምስት ቀን ዑደት አንዱ የሆነው ክሊዎን ሲገጥሙ የሚመጣ ስለሆነ በ35 ቀን አንዴ ብቻ ነው። በአንድ ሳምንት ሁለቴ ካመጡት የጃቫ ተመልካች ወዲያው ይነቃል።

የፖቾንጉን ልብስ በተመለከተ፣ ንጹሕ ነጭ ጨርቅ በኃይለኛ መብራት እጥፋቱ ይጠፋል። በሻይ ነክሮ፣ አፈር አሽቶ፣ በካሜራ መሞከር ይሻላል። ተዋናዩ እጁ ታስሮ ሲዘል ቢወድቅ ራሱን መደገፍ አይችልም፤ ስለዚህ ከጀርባ በቀላሉ የሚላቀቅ ማሰሪያ፣ ከካሜራ ውጭም ሁለት ደጋፊዎች ያስፈልጋሉ።

ጥያቄ፦ ተረቱ የሕዝብ ስለሆነ እንዳሻቸው መውሰድ ይችላሉ?

መልስ፦ እንዳሻቸው አይደለም። በአገሪቱ የቅጂ መብት ሕግ (ቁጥር 28፣ እ.ኤ.አ. 2014፣ አንቀጽ 38) የትውፊታዊ ባህል መገለጫዎች መብት የመንግሥት ነው፤ የሚጠቀምበትም ሰው የማኅበረሰቡን እሴት ከግምት ማስገባት አለበት። አንድ ጸሐፊ በራሱ መንገድ የጻፈው ታሪክ ከሆነ ግን ፈቃዱ የሚጠየቀው ከጸሐፊው ነው። እ.ኤ.አ. በ2022 የታየው «ኬኬኤን ዲ ዴሳ ፔናሪ» የተባለው ፊልም የተነሣው ትዊተር ላይ ከተጻፈ ታሪክ ነበር። በባሊ ደግሞ የተረቱ የጠንቋዮች ንግሥት የራንግዳ ጭንብል በቤተ መቅደስ የሚከበር ቅዱስ ዕቃ ነው፤ ለፊልም ያልተቀደሰ አዲስ ጭንብል ማስቀረጽ ይገባል።