ሐረርን በእግር ለመዞር ስምንት ሰው ይበዛል

እህቴ፣ ጥያቄሽን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። «ስምንት የሥራ ባልደረቦች ነን፤ አንድ ቀን ሙሉ ጀጎልን፣ በግንብ የታጠረውን አሮጌውን ከተማ፣ በእግር ዞረን፣ ሰው የማይበዛባቸውን መንገዶች አይተን፣ የሐረርን ምግብ ቀምሰን መመለስ እንፈልጋለን፤ ምን እንወቅ?» ነው ያልሽው። እስካሁን የመለሱልሽ ሰዎች በሙሉ ማታ ማታ ሰው ስለሚመግበው ጅብ ነው የጻፉት። ጅቡ የትም አይሄድም። ማታ ከግንቡ ውጭ ታገኚዋለሽ። እኔ የምነግርሽ ስለ ቁጥሩ ነው። ስምንት ይበዛል።

ይህን የምልሽ በ2011 ዓ.ም. አስራ አምስት ሰው ይዤ ገብቼ ጉዴን ስላየሁ ነው። አዘጋጁ እኔ ነበርኩ። ገንዘብ የሰበሰብኩት እኔ፣ የተሰደብኩትም እኔ። ስለዚህ በቁጥር በቁጥር ላስቀምጥልሽ።

1. አስጎብኚ ያዙ። ግን ገና ሳትንቀሳቀሱ «ዋጋው በሰው ነው ወይስ በቡድን?» ብለሽ ጠይቂ። እኛ በር ላይ ቆሞ «አቦ፣ እኔ አለሁላችሁ!» ያለንን ልጅ ይዘን ገባን። ዋጋ ነገረን፣ ረከሰልን፣ ደስ አለን። ማታ ሒሳብ ስንዘጋ «እኔ የነገርኳችሁ የአንድ ሰው ነው» አለ። በአስራ አምስት አባዢው። ተጨቃጭቀን ተጨቃጭቀን በግማሹ ተለያየን። ልጁ ከተማውን አሳምሮ ያውቃል፣ ጨዋታውም ይጥማል፤ ይህን አልክድም። አሁን ግን መታወቂያ ያለው አስጎብኚ ነው የምይዘው። መታወቂያህን አሳየኝ ማለት ነውር አይደለም፤ እነሱም አይቀየሙም።

የስልክ ካርታ ይበቃናል እንዳትዪ። ጀጎል 48 ሄክታር ብቻ ነው፤ በመንገዶቹ ብዛት ግን ትልቅ ከተማ ውስጥ የጠፋሽ ነው የሚመስልሽ። አስጎብኚዎቹ 368 ጠባብ መንገድ አለ ይላሉ። የእኔ ስልክ «ቀጥ ብለህ ሂድ» እያለ ሰው ግቢ ውስጥ አስገብቶኛል። ልብስ የምታሰጣ ሴት ፊት ለፊት ቆሜ ቀረሁ።

2. ደብዳቤ ፍለጋ ቢሮ ለቢሮ አትንከራተቺ። እኔ የሰው ብዛት ስላስፈራኝ አንድ ቢሮ ሄጄ «በቡድን ነው የመጣነው፣ የሚያስፈልግ ፈቃድ ካለ» ብዬ ጠየቅሁ። ጠረጴዛው ላይ ሻይ ያስቀመጠው ሰውዬ ቀና ሳይል «ከመሥሪያ ቤታችሁ ማኅተም ያለው ደብዳቤ» አለኝ። ጓደኛሞች ነን፣ መሥሪያ ቤት የለንም አልኩት። «ጓደኛ የሚባል ተቋም አላውቅም» አለኝ። በዚህ አነጋገሩ እስካሁን ብስቅም ያን ቀን ግን ደሜ ፈልቶ ነበር። ከአንዱ ክፍል ወደ ሌላው ስባል፣ የሚፈርመው ሰው ስብሰባ ነው ስባል፣ ከሁለት ሰዓት እስከ አራት ሰዓት ተኩል እዚያው ቀረሁ። አስራ አራቱ ሰዎች ጀጎል መሐል ያለው አደባባይ፣ ፈረስ መጋላ ላይ፣ ፀሐይ እየመታቸው ይጠብቁኛል። በመጨረሻም ባዶ እጄን ወጣሁ። ቀኑን ሙሉ ስንዞር ደግሞ ደብዳቤ የጠየቀን አንድም ሰው አልነበረም። ያ የባከነ ጠዋት ግን በኋላ ምሳችን ላይ ዞሮ መጣ፤ እደርስበታለሁ።

3. በጠዋት ግቡ። ጠዋት ስልሽ አንድ ሰዓት ተኩል፣ ቢበዛ ሁለት ሰዓት። ከምሳ በኋላ ከተማው ጫት ሊቅም በርጫ ላይ ይቀመጣል፤ በር ይዘጋል፣ ሱቁም ያንቀላፋል። አርብ እኩለ ቀን ላይ የጁምዓ ሶላት አለ፤ ምግብና ጉብኝት እዚያ ሰዓት ላይ እንዳታደርጊ። ረመዳን ከሆነ ደግሞ የቀን ቅምሻ ጉዞ የሚባለውን ነገር ሙሉ በሙሉ እርሺው፣ ወይም ወደ ማታ አዙሪው።

የምትገቡት ደግሞ በዋናው በመኪናው በር አይሁን። በዚያ ከገባችሁ ሰፊው አስፋልት ቀጥ አድርጎ ፈረስ መጋላ ያደርሳችኋል፤ ያ መንገድ ደግሞ የትም አገር ያለ መንገድ ነው። በኤረር በር ግቡ። በርተን የሚባለው እንግሊዛዊ በ1855 እ.ኤ.አ. የገባውም በዚያው በምሥራቁ በር ነው፤ ጥሩ ምርጫ ነበረው። ከዚያ ሽቅብ ወደ ትልቁ ገበያ፣ ወደ ጊድር መጋላ፣ ቀስ እያላችሁ ትወጣላችሁ። በድንጋይ የተሠሩት አጥሮች በኖራ ነጭ፣ አረንጓዴ፣ ሰማያዊ፣ ሮዝ ተቀብተዋል። አንዲት መንገድ አለች፣ ሁለት ሰው ጎን ለጎን አታሳልፍም። የተኳረፉ ሰዎች እዚያች ላይ ፊት ለፊት ከተገናኙ ሳይታረቁ አይተላለፉም ይባላል።

አሁን አስራ አምስት ሰው በዚያች መንገድ ሲያልፍ አስቢው። የፊተኛው ወጥቶ ፎቶ ያነሳል፣ የኋለኛው ገና የቅርጫት ዋጋ እየተከራከረ ነው። መሐል ላይ እንጨት የጫነች አህያ መጣች። ሁላችንም ጀርባችንን ለግንቡ ሰጥተን እንደ ተማሪ ተሰልፈን አሳለፍናት። ከኋላችን የተከተሉን ልጆች «ፈረንጆ! ፈረንጆ!» ይላሉ። አበሻ ሆነን ፈረንጆ ተባልን! ሰዉ በሩን እየከፈተ ምን መጣ ብሎ ያየናል። ጸጥ ያለውን መንገድ ፍለጋ ሄደን ጸጥታውን ያጠፋነው ራሳችን ነን። አስጎብኚው ሲያወራ የሚሰሙት የፊተኞቹ አምስት ብቻ ናቸው። የቀሩት «ምን አለ? ምን አለ?» ይባባላሉ፤ እሱ ይደግማል፤ ሰዓቱ ይሄዳል።

4. ምግብ። እዚህ ላይ ነው ከሁሉም በላይ የከሰርኩት፤ ስለዚህ ተራ ቁጥሩን ትቼ እንዳለ ልንገርሽ።

በሰው በኩል አንዲት እናት ተገኙልኝ። ጌ ጋር ይባላል የሐረሪዎች ቤት፤ የእሳቸው ቤት የድሮው ነው፣ ወለሉ ቀይ፣ ግድግዳው በሰሃንና በስፌት የተሞላ። «ለአስራ አምስት ሰው፣ ለስድስት ሰዓት» አልኳቸው፤ ሦስት ሺህ ብር ቀብድ ሰጠሁ። እሳቸው ዝግጅቱን የጀመሩት ከዋዜማው ማታ ነው። ይህን ያወቅሁት በኋላ ነው።

ያ ቢሮ ጠዋቱን ከበላብኝ በኋላ በአራት ሰዓት ተኩል ስንጀምር ሰዉ ርቦታል። እኔም በጥፋተኝነት ስሜት ያየሁትን ሁሉ ገዛሁ። መጀመሪያ ፈጢራ የሚባለው ስስ ቂጣ፣ ከነእንቁላሉ፣ ከነማሩ። ከዚያ ጊድር መጋላ ላይ ሳምቡሳ። እዚያ ሥጋ ተራው ጋ ጭላቶቹ ሰማይ ላይ ይዞራሉ፤ ተጠንቀቁ ተብለናል። አንዱ ጓደኛችን እጁን ዘርግቶ ሲያወራ ጭላቷ ወርዳ ሳምቡሳውን ከእጁ ላጥ አድርጋ ሄደች። ሳቁ ሌላ ሃያ ደቂቃ በላ። እሱን ለማጽናናት ሁላችንም እንደገና ሳምቡሳ ገዛን። ከዚያ ጣፋጮቹ፣ ሐላዋና ሙሸበክ። መኪና ግርግር ላይ ደግሞ ሴቶቹ ልብስ አሰፋለሁ ብለው ልብስ ሰፊዎቹ ጋ ቆሙ። መንገዱ ስሙን ያገኘው ከስፌት መኪናዎቹ ድምፅ ነው፤ ቆመሽ ስትሰሚው እውነትም ግርግር ይላል።

እማማ ቤት የደረስነው ስምንት ሰዓት ተኩል ላይ ነው። ጠግበን። በላብ ተነክረን።

ይባስ ብሎ አንዱ ጓደኛዬ ጫማውን አውልቆ ገብቶ ከፍ ያለችው መደብ ላይ ዘፍ አለ። የሐረሪ ቤት መቀመጫ ነደባ ይባላል፤ አምስት ነው፣ እያንዳንዱም ባለቤት አለው። እሱ የተቀመጠው አሚር ነደባ ላይ ነበር፤ የአባወራው ቦታ፣ የሚገባውን ሰው ሁሉ የሚያይበት። ማንም ተነስ አላለውም። እኔ ግን የሴትየዋን ዓይን አየሁ።

ከዚያ ሑልበት መረቁ መጣ። ከአብሽ የሚሠራ ነው። ሥጋው መጣ፣ ሩዙ መጣ። ሰው አንድ ሁለቴ ጎርሶ እጁን ሰበሰበ። እማማ ዝም ብለው አዩንና ወደ እኔ ዞረው «አንተ ልጅ፣ ሰው ቤት ተጠርተህ ጠግበህ ነው የምትመጣው?» አሉኝ። (ሐረር ላይ አንቱ ብዙ አይሰማም። አንተ ሲሉሽ ንቀት አይደለም፣ ቤተሰብነት ነው። ያን ቀን ግን ንቀትም ቢሆን ይገባኝ ነበር።) ሙሉ ዋጋውን ከፈልኩ። ምግቡ ለጎረቤት ተላከ። ከቡድናችን ግማሹ ደግሞ ማታ ራበን ብሎ ሌላ ቦታ በላ፤ ያንንም ከጋራው ገንዘብ ነው የከፈልኩት። የፈረንሳዩን ገጣሚ የሬምቦን ቤት እንኳ አላየንም፤ ስንደርስ ሰዓቱ አልፏል።

ባለፈው ዓመት አራት ሆነን ተመለስን። አሁን ልኩራራ ፍቀጂልኝ። በአንድ ሰዓት ተኩል በኤረር በር ገባን። የቤቶቹ ቡና ሲቆላ ይሸታል፣ ከአንዱ ግቢ ሬዲዮ ይሰማል፣ ሌላ ምንም የለም። ልጆቹ እንኳ አልተከተሉንም። አንድ ሽማግሌ በራቸው ላይ ቆመው ሰላም አሉንና ከየት ናችሁ ሲሉ ወሬ ተጀመረ፤ ወሬው ወደ ውስጥ አስገባን፤ ሆጃ ጠጣን። ከቡና ገለባና ከወተት የሚፈላ ነው፤ ቡና የምትጠብቂ ከሆነ ግራ ይገባሻል፣ ሁለተኛው ስኒ ላይ ግን ይገባሻል። ይህ በገንዘብ አይገዛም፣ አስራ አምስት ሰውንም ማንም በሩ ላይ ጠርቶ አያስገባም።

መንገድ ላይ የቀመስነው አንድ አንድ ሳምቡሳ ብቻ ነው፣ እሱንም ጭላቶቹ የማያዩን ጥግ ይዘን። ስድስት ሰዓት ሲሆን እማማ ጋ ደረስን። አወቁኝ። «ዛሬስ ርቦሃል?» አሉኝ። ሞቼ ነው አልኳቸው። ሳህኑን ጠርገን ነው የተነሳነው።

5ኛ ልል የነበረውን ረሳሁት። ጫማ ይመስለኛል። ድንጋዩ በሰው እግር ልሟል፣ ያንሸራትታል፤ ተረከዝ ያለው ጫማ የምታደርግ ባልደረባ ካለችሽ ንገሪያት። ገበያ ላይ ያሉትን ሴቶች ደግሞ ሳትጠይቁ ፎቶ አታንሱ።

ለእናንተ የምመክርሽ ይሄ ነው። ስምንታችሁን ለሁለት ክፈሉ፣ አራት በአራት። ሁለት አስጎብኚ ያዙ፤ ይወደዳል ትያለሽ፣ እኔ ከከሰርኩት አይበልጥም። አንዱ ቡድን በኤረር በር ይግባ፣ ሌላው በቡዳ በር። ጊድር መጋላ ላይ አራት ሰዓት ተኩል ተገናኙ፣ ሻይ በወተት ጠጡ፣ ከዚያ መንገድ ተቀያየሩ። ምሳ ላይ ብቻ ስምንት ሁኑ። ለስምንት ሰው ምግብ መሥራት ደግሞ ለእማማም አይከብድም፤ ከሁለት ቀን በፊት ይነገራቸው እንጂ።

ቀኑን ስትወስኑ በውስጥ ጻፊልኝ፣ እሳቸውን ራሴ ደውዬ አስፈቅዳለሁ። አለቃችሁም አብሯችሁ የሚመጣ ከሆነ አሚር ነደባ ላይ እንዳይቀመጥ ከወዲሁ ንገሪው። እኔ ልነግረው አልችልም።