ቀለም የሚገባው ጭንቅላት፦ ስለ አንጎልና ስለ ማሰብ ችሎታ ጥያቄና መልስ

ስለ አንጎልና ስለ ሰው ልጅ የማሰብ ችሎታ የምትጠይቁት ካለ እመልሳለሁ ካልኩ ወዲህ ከጅማ ከተማና ከዙሪያዋ ከወላጆች፣ ከመምህራንና ከተማሪዎች ብዙ ጥያቄ ደርሶኛል። ለዓመታት የነርቭ ሥርዓትን ሳስተምር የኖርኩ ሰው ነኝና ጥያቄዎቹን በደስታ ተቀብያለሁ፤ ተቀራራቢ የሆኑትንም አንድ ላይ አድርጌያቸዋለሁ። ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ጎርጎርዮሳውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ (አንዲት እናት፣ ከጅሬን)፦ መምህር፣ ልጄ አራተኛ ክፍል ነው። አስተማሪው «ይህ ልጅ ቀለም አይገባውም» አለኝ። አፈጣጠሩ ነው ብዬ ልተወው ወይስ የሚለወጥ ነገር አለ?

መልስ፦ እህቴ፣ አይተዉት። በቋንቋችን ትምህርት የሚከብደውን ልጅ «ሰነፍ» እንለዋለን፤ አለመቻልንና አለመፈለግን በአንዲት ቃል ስለምናደባልቃቸው ምክንያቱን ሳንፈልግ ፍርዱን ሰጥተን እንጨርሳለን። ከአንጎል ሳይንስ የተማርኩት ትልቁ ነገር ይህን ፍርድ ማዘግየት ነው፤ ወረቀት ላይ የሚታየው ዝቅተኛ ውጤት አንድ ሲሆን ከጀርባው ያለው ምክንያት ግን ከልጅ ልጅ ይለያያልና።

መጀመሪያ ዓይኑንና ጆሮውን ያስመርምሩ። ቀጥሎ አንድ ነገር በቅርብ ሆነው ያስተውሉ፦ ልጅዎ በንግግር ወይም በጨዋታ መሃል ድንገት ቆም ብሎ፣ ሲጠሩት ሳይሰማ፣ ሽፋሽፍቱን እያርገበገበ ለጥቂት ሰከንዶች ይፈዝና ምንም እንዳልሆነ ሁሉ ካቆመበት ይቀጥላል? ይህ ሰውን መሬት ላይ የማይጥል የሚጥል በሽታ ዓይነት ሊሆን ይችላል። በቀን ብዙ ጊዜ ስለሚደጋገም ልጁ የአስተማሪውን ንግግር መጀመሪያና መጨረሻ ሰምቶ መሃሉን ያጣዋል፤ ክፍል ውስጥ ሲያዩት ሐሳቡ የሸሸ ይመስላል እንጂ የታመመ አይመስልም። ሆኖም በመድኃኒት ይታከማል።

ደም ማነስም አለ። ብረት የሚያስፈልገው ለደም ብቻ አይደለም፤ የነርቭ ሕዋሳትን ረጃጅም ክሮች የሚሸፍነውና መልእክቱን የሚያፋጥነው ማይሊን የተባለው ስብ ያለ ብረት በቅጡ አይሠራም። ደም የሚመጥጡ የአንጀት ትላትልም ብረቱን ያሳጣሉ። አዮዲን ደግሞ ከሁሉ ይቀድማል፤ እናት በእርግዝናዋ ወቅት አዮዲን ካጣች የታይሮይድ ሆርሞን ያንሳትና የፅንሱ አንጎል በሚገነባበት ሰዓት ግንባታው ይጓደላል። እንቅርት በአንገት ላይ የሚታየው ምልክት ነው፤ በማኅፀን ውስጥ የሚደርሰው ጉዳት ግን አይታይም፣ ከዘገየም አይመለስም። አዮዲን ያለው ጨው ገዝቶ በተከደነ ዕቃ ማስቀመጥና ወጡ ሊወጣ ሲል መጨመር ትንሽ ነገር ይመስላል፤ ነገር ግን ለአንድ አገር ልጆች የማሰብ ችሎታ ከዚህ በረከሰ ዋጋ የሚደረግ ነገር እኔ አላውቅም።

ስለ መለወጡ የጠየቁኝን ደግሞ በሩማንያ የተደረገው ጥናት ይመልስልዎታል። በቡካሬስት ወላጅ አልባ ማሳደጊያ ውስጥ የነበሩ 136 ሕፃናት በዕጣ ለሁለት ተከፍለው ግማሾቹ ለአሳዳጊ ቤተሰብ ተሰጡ፣ የቀሩት በማሳደጊያው ቆዩ። አራት ዓመት ተኩል ሲሞላቸው በቤተሰብ ያደጉት የማሰብ ችሎታን በሚለካው የአይኪው ፈተና በአማካይ 81፣ የቀሩት 73 ገደማ አመጡ፤ ከሁለት ዓመት ዕድሜ በፊት የወጡት ይበልጥ ተጠቅመው ነበር። የልጅ አንጎል የሚያናግረው፣ የሚያቅፈውና የሚመልስለት ሰው ይፈልጋል። የእርስዎ ልጅ ይህ ሁሉ አለው፤ ስለዚህ ተስፋ ለመቁረጥ ምንም ምክንያት የለዎትም።

ጥያቄ፦ ትልቅ ጭንቅላት ያለው ሰው የበለጠ ያስባል የሚባለው እውነት ነው?

መልስ፦ በጣም ጥቂት እውነት አለበት። የአዋቂ ሰው አንጎል 1.4 ኪሎ ገደማ ይመዝናል፤ ከሰውነታችን ክብደት 2 በመቶ ያህል ሆኖ ሳለ ከምንጠቀመው ኃይል 20 በመቶውን ይወስዳል። በአንጎል መጠንና በፈተና ውጤት መካከል ያለው ዝምድና ብዙ ጥናቶች ተጠቃለው ሲታዩ 0.24 አካባቢ ነው፤ ይህም ማለት በሰዎች መካከል ካለው የውጤት ልዩነት ውስጥ የአንጎል መጠን ሊያብራራው የሚችለው 6 በመቶ ገደማውን ነው። የአንስታይን አንጎል በ1955 ሲመዘን 1,230 ግራም ነበር፤ ከአማካዩ ያንስ ነበር ማለት ነው።

ከመጠን ይልቅ ቁም ነገሩ ያለው በሕዋሳቱ ብዛትና አቀማመጥ ላይ ነው። ብራዚላዊቷ ሱዛና ሄርኩላኖ-ሁዜል አንጎልን አሟሙታ ፈሳሽ ካደረገች በኋላ በውስጡ የሚንሳፈፉትን የሕዋስ አስኳሎች በመቁጠር፣ የሰው አንጎል 86 ቢሊዮን ያህል የነርቭ ሕዋስ እንዳለው በ2009 ከባልደረቦቿ ጋር አሳየች። የአፍሪካ ዝሆን አንጎል ደግሞ በዚሁ ዘዴ ሲቆጠር 257 ቢሊዮን ሆነ! ነገር ግን ከዚህ ውስጥ 98 በመቶ የሚሆነው ያለው ከኋላ ባለው፣ እንቅስቃሴን በሚያስተካክለው ትንሹ አንጎል ውስጥ ነው። ለማሰብ ዋና በሆነው የአንጎል ቅርፊት ውስጥ ዝሆን 5.6 ቢሊዮን ሲኖረው ሰው 16 ቢሊዮን ያህል አለው።

ጥያቄ፦ ከአንጎላችን የምንጠቀመው 10 በመቶውን ብቻ ነው ይባላል።

መልስ፦ ሐሰት ነው። ዘጠና በመቶው ሥራ ፈት ቢሆን ኖሮ በአብዛኛው አንጎል ላይ የሚደርስ ጉዳት ምንም ባላመጣ ነበር፤ በሕክምና የምናየው ተቃራኒውን ነው።

ጥያቄ (የሥነ ሕይወት መምህር)፦ የማሰብ ችሎታ በየትኛው የአንጎል ክፍል ነው የሚገኘው?

መልስ፦ አንድ ቤት የለውም። በ1861 ፈረንሳዊው ሐኪም ፖል ብሮካ «ታን» ከሚለው ድምፅ በቀር አጥርቶ መናገር የማይችል፣ የሚነገረውን ግን የሚረዳ ታካሚ ሲሞት አንጎሉን መርምሮ በግራ የፊት ክፍል ላይ ጉዳት አገኘ። ከዚያ ወዲህ ለእያንዳንዱ ችሎታ አንድ ቦታ የመፈለግ ጉጉት በረታ፤ ለንግግር ቦታ ከተገኘ ለብልህነትስ ለምን አይገኝም ተባለ። ተመራማሪዎቹ ሬክስ ዩንግና ሪቻርድ ሄየር አንጎልን በምስል ያዩ የ37 ጥናቶችን ውጤት በ2007 ሰብስበው ሲያዩ ግን የተገኘው አንድ ነጥብ ሳይሆን መረብ ነበር፤ በተለይ ከግንባር ጀርባ ያለውን የፊት ክፍል ከላይኛው የኋላ ክፍል ጋር የሚያገናኘው መንገድ ጎልቶ ወጣ። የኋላው ክፍል ዓይንና ጆሮ ያመጡትን ያዋህዳል፣ የፊተኛው ያመዛዝናል፣ ይመርጣል፣ የማይሆነውን ይገታል።

ሄየር ቀደም ብሎ በ1988 ያገኘው ደግሞ ብዙዎችን አስገርሞ ነበር፦ ከባድ የምስል እንቆቅልሽ ሲሰጣቸው የተሻለ የሠሩት ሰዎች አንጎል ያቃጠለው ስኳር ከሌሎቹ ያነሰ ነበር። እንጀራ መጋገር የጀመረች ልጅ ትከሻዋም እጇም ተወጥሮ ሊጡን ምጣዱ ላይ ስታዛባው፣ እናቷ እያወራች በአንድ ዙር ክቡን ታወጣዋለች፤ አንጎልም በደንብ የተጠረገ መንገድ ሲያገኝ እንዲሁ ድካሙ ይቀንሳል።

ጥያቄ (የ12ኛ ክፍል ተማሪ)፦ ለብሔራዊ ፈተና ጓደኞቼ ሌሊቱን ጫት እየቃሙ ነው የሚያጠኑት፤ እኔ ቡና ብቻ ነው የምጠጣው። የትኛው ለአንጎል ይሻላል?

መልስ፦ ልጄ፣ ይህ ጥያቄ ለከተማችን ወጣቶች ሁሉ ስለሆነ ዘርዘር አድርጌ ልመልስልህ። ነቅተን በቆየን ቁጥር በአንጎላችን ውስጥ አዴኖሲን የተባለ ንጥረ ነገር እየተጠራቀመ እንቅልፍ ይጠራል። የቡናው ካፌይን የአዴኖሲንን መቀመጫ ቀድሞ ይይዝበታል፤ ስለዚህ ድካሙ ሳይጠፋ የድካሙ ስሜት ብቻ ይሸፈናል። ካፌይን በደም ውስጥ በግማሽ ለመቀነስ አምስት ሰዓት ያህል ይፈጅበታል። ከምሽቱ 2 ሰዓት አቦል ጠጥተህ ከሆነ ከሌሊቱ 7 ሰዓት ላይ ግማሹ ገና አለ ማለት ነው።

ጫት ሌላ ነገር ነው። በለጋው ቅጠል ውስጥ ያለው ካቲኖን የተባለ ንጥረ ነገር፣ አምፌታሚን እንደሚባለው አነቃቂ መድኃኒት፣ ዶፓሚንና ኖርአድሬናሊን የተባሉት የአንጎል መልእክተኛ ኬሚካሎች እንዲፈስሱ ያደርጋል፤ ቅጠሉ ሲጠወልግ ስለሚዳከም ነው ነጋዴው በኮባ ጠቅልሎ የሚያጣድፈው። በምርቃናው ሰዓት ሁሉም ነገር የገባህ ይመስልሃል፣ ገጹ ቶሎ ቶሎ ይገለጣል፣ መተማመንህ ይጨምራል። መግባቱና የገባ መምሰሉ ግን የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ከዚያ እንቅልፍ እምቢ ይላል፣ አንዳንዱም ምርቃናውን ለመስበር ጨብሲ ይላል፤ አልኮል ደግሞ እንቅልፉን ይረብሸዋል።

ጉዳቱ ያለው እዚህ ላይ ነው። ቀን የተማርከው መጀመሪያ የሚያርፈው በሂፖካምፐስ ነው፤ ይህ በጆሮህ ትይዩ ከውስጥ በኩል የሚገኝ፣ የታጠፈ ትንሽ ክፍል ነው። በ1994 ማቲው ዊልሰንና ብሩስ ማክናውተን አይጦች በመንገድ ላይ ሲሄዱ አብረው የሠሩ የሂፖካምፐስ ሕዋሳት አይጦቹ ሲተኙም አብረው እንደሚሠሩ አሳዩ፤ አንጎሉ የቀኑን ትምህርት ሌሊት ይከልሰዋል። እንቅልፍህን ሰርቀህ ስታጠና ክለሳውን ከራስህ ላይ ትሰርቃለህ። ቡናህን እስከ ቀትር ጠጣ፣ ማታ በጊዜ ተኛ፣ ያጠናኸውንም ደብተርህን ዘግተህ ለራስህ ጠይቅ። ጓደኞችህንም በወንድምነት ንገራቸው፤ ይህን የምልህ ብዙ ብሩህ ልጆች በዚህ መንገድ ሲደክሙ አይቼ አዝኜ ነው።

ጥያቄ (አንድ አባት፣ ከሂርማታ)፦ በልጅነቴ በእንጨት ሰሌዳ ላይ እየጻፍኩ ቁርኣን በቃሌ ይዣለሁ። የልጅ ልጄ ግን በቃል መያዝ ሽምደዳ ነው፣ ከማሰብ ጋር አይገናኝም ይለኛል።

መልስ፦ አባቴ፣ የልጅ ልጅዎ ግማሽ ተሳስቷል። ሰው በአንድ ጊዜ በሐሳቡ ይዞ ሊያገላብጠው የሚችለው ነገር በጣም ጥቂት ነው፤ ጆርጅ ሚለር በ1956 ሰባት ገደማ ብሎ ነበር፣ በኋላ ኔልሰን ካውን ወደ አራት አወረደው። ይህ ጠባብ ደጃፍ የሚሰፋው ቀድሞ በተጠራቀመ ዕውቀት ነው። ዊሊያም ቼስና ኸርበርት ሳይመን የተባሉ ተመራማሪዎች በ1973 የሰንጠረዥ (የቼዝ) ጨዋታ ባለሙያዎችን ለአምስት ሰከንድ ያህል ገበታውን አሳይተው ሲጠይቋቸው፣ ጠጠሮቹ እውነተኛ ጨዋታ ላይ እንዳሉ ሆነው ሲደረደሩ ከጀማሪዎች እጅግ አብልጠው አስታወሱ፤ እንዲያው ሲበተኑ ግን ብልጫቸው ጠፋ። ባለሙያው የሚያየው ጠጠር በጠጠር ሳይሆን የሚያውቀውን ቅርፅ በአንድ ጊዜ ነው። ደህና የገበጣ ተጫዋች ጠጠሮቹን ሳይቆጥር ቀጣዩን ዙር ሲያይ አላስተዋሉም?

የለንደን ታክሲ ነጂዎች ፈቃድ ለማግኘት ወደ 25,000 የሚጠጉ መንገዶችን በቃላቸው ያጠናሉ፤ ኤሊኖር ማጓየር በ2000 ባወጣችው ጥናት የሂፖካምፐሳቸው የኋለኛ ክፍል ከሌላው ሰው ተልቆ ተገኝቷል። ልጁ ትክክል የሆነው በአንድ ነገር ነው፤ የተያዘው ካልተፈታና ከሌላ ዕውቀት ጋር ካልተሳሰረ ብቻውን ይቀራል። እርስዎ ግን ከሰሌዳው በኋላ ትርጓሜውን የሚያስረዳ አስተማሪ ነበረዎት ብዬ አምናለሁ፤ የቅኔ ተማሪም ቢሆን ግሱን በቃሉ ሳያወጣ ሰምና ወርቅ አይዘርፍም።

ጥያቄ፦ አባቴ የጅማ በርጩማ ጠራቢ ነው። ፊደል አልቆጠረም። የአይኪው ፈተና ቢፈተን ይወድቃል። እንግዲህ ብልህ አይደለም ማለት ነው?

መልስ፦ ልጄ፣ አባትሽ አንድ የዋንዛ ግንድ ፊቱ አቁሞ፣ ያለ አንድ ምስማርና ያለ ማጣበቂያ፣ መቀመጫውንና ሦስት እግሩን ከዚያው እንጨት ያወጣል። አንዴ የተጠረበ አይመለስምና ገና ያልታየውን በርጩማ በሐሳቡ እያዞረ ማየት አለበት። ይህ ቅርፅን በሐሳብ የማዞር ችሎታ ዋና መሠረቱ ቅድም በጠቀስኩት የላይኛው የኋላ ክፍል ነው፤ የማሰብ ችሎታ ፈተናዎችም ከሚለኩት አንዱ ነው። ፈተናው ግን በወረቀትና በትምህርት ቤት ልማድ ስለሚጠይቀው ያለውን አያይለትም።

እጁ የሚያውቀውን አፉ ላይነግርሽም ይችላል። በ1953 ለሚጥል በሽታ ተብሎ ሂፖካምፐሱ ከሁለቱም በኩል የተወሰደበት ሄንሪ ሞሌይሰን የሚባል አሜሪካዊ አዲስ ነገር ማስታወስ አልቻለም ነበር። ብሬንዳ ሚልነር በመስታወት ውስጥ ብቻ እያየ የኮከብ ሥዕልን ዳር እንዲከተል ስታደርገው በየቀኑ «ይህን ሠርቼ አላውቅም» እያለ እጁ ግን ከቀን ወደ ቀን ይሻሻል ነበር። የእጅ ዕውቀት በአንጎል ውስጥ የራሱ መንገድ አለው ማለት ነው።

የመጀመሪያውን የማሰብ ችሎታ ፈተና በ1905 ከቴዎዶር ሲሞን ጋር ያዘጋጀው አልፍሬድ ቢኔ የፈለገው በፓሪስ ትምህርት ቤቶች ተጨማሪ እገዛ የሚሹ ልጆችን ለመለየት ነበር፤ የሰው ብልህነት የማይጨመርበት ቋሚ መጠን ነው የሚሉትንም አጥብቆ ተቃውሟል።

ጥያቄ፦ ታዲያ ዘር ምንም ድርሻ የለውም?

መልስ፦ አለው፤ ከመንትዮች ጥናት በግልጽ ይታያል። ነገር ግን «የብልህነት ዘረመል» የሚባል አንድ ነገር የለም። በ2018 ከ269,000 በላይ ሰዎችን ያካተተ ጥናት ከ1,000 በላይ ዘረመሎችን ጠቁሟል፤ የእያንዳንዱ ድርሻ እጅግ ኢምንት ነው። በብዙ አገሮች የፈተና ውጤት በአሥር ዓመት ሦስት ነጥብ ያህል ሲጨምር መቆየቱን ጄምስ ፍሊን ከ1980ዎቹ ጀምሮ አሳይቷል፤ የሕዝብ ዘረመል በዚህ ፍጥነት አይለወጥም፤ የተለወጠው ምግቡ፣ ጤናው፣ ትምህርቱ ነው።

ጥያቄ፦ ሳይንሱ የሰውን የማሰብ ችሎታ አብራርቶ ጨርሷል ይላሉ?

መልስ፦ አልጨረሰም። ሲ. ኤሌጋንስ በምትባል በጣም ትንሽ ትል ውስጥ ያሉት 302 የነርቭ ሕዋሳት እንዴት እንደተያያዙ ካርታው ከ1986 ጀምሮ ታትሟል፤ እስከ ዛሬ ግን ትሏ ቀጥሎ የምታደርገውን ከካርታው ብቻ መናገር አልተቻለም። በ2024 የአንዲት የፍራፍሬ ዝንብ ሙሉ አንጎል ካርታ ወጣ፤ ወደ 140,000 ሕዋሳትና 50 ሚሊዮን ገደማ ግንኙነቶች አሉት፤ ዝንቧም የሰሊጥ ፍሬ ታክላለች። አራተኛ ክፍል ያለው የጅሬኑ ልጅ ግን 86 ቢሊዮን አለው፤ ግንኙነቶቹም ዛሬ ማታ ሲተኛ እንኳ ይለወጣሉ።