ሦስት መቶኛው ሰው ምን ያገኛል?

ልጆቼ፣ ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ ምክር ጠያቂ በዝቶብኛል። ሥራ ላይ ሳለሁ የምጠየቀው ስለ ደረሰኝና ስለ ማስረጃ ሰነድ ነበር። አሁን ግን ከደብረ ማርቆስም፣ ከባሕር ዳርም፣ ከዳንግላም እየደወለ “የትኛው ሙያ ያበላል?” የሚለኝ ወጣት ብዙ ነው። የጎጃምን የገበሬ ኅብረት ሥራ ማኅበራት መዝገብ ከቡሬ እስከ ሞጣ ስመረምር የኖርሁ የሒሳብ ሰው ነኝና መልሴም የሒሳብ ሰው መልስ ነው። የምትመርጡት ሙያ አንደኛው ሰው ስንት እንደሚያገኝ አትጠይቁ፤ ሦስት መቶኛው ሰው ስንት እንደሚያገኝ ጠይቁ።

ነገሩን ያጠራልኝ የሜዳ ቴኒስ ነው። ራኬት ጨብጬ አላውቅም፤ ወደዚህ ጨዋታ የጎተተኝ የእህቴ ልጅ ነው። ባሕር ዳር ካለ አንድ የውርርድ ቤት ትኬት ቆርጦ ይመጣና ከምሽቱ 3 ሰዓት ጀምሮ ስልኩ ላይ ያፈጣል። ማን ከማን እንደሚጫወት ብጠይቀው የሁለቱንም ስም በቅጡ አያውቅም፤ የሚያውቀው ከስማቸው አጠገብ የተጻፈውን ቁጥር ብቻ ነው። ገንዘቡን ያስያዘባቸውን ሰዎች ማንነት ሳያውቅ! ኦዲተር እንዲህ ያለ ነገር እያየ እንዴት ይተኛል? አጠገቡ ተቀመጥሁና ማየት ጀመርሁ። እርሱ ትኬቱ ሲወድቅ ተኛ፤ እኔ ግን እስከ መጨረሻው አየሁ፣ በማግስቱም እንደዚሁ።

የምናየው ቻሌንጀር የሚባለውን ውድድር ነው። የወንዶች ፕሮፌሽናል ቴኒስን የሚመራው ኤቲፒ የሚያዘጋጀው ሁለተኛ እርከን ሲሆን ያለ ክፍያ በኢንተርኔት ይተላለፋል። በአውሮፓ የብርድ ወራት ውጭ መጫወት ስለማይመች ጨዋታው ጣሪያ ሥር ይገባል፤ ቤርጋሞ፣ ኮብሌንዝ፣ ብራቲስላቫ እያለ ከከተማ ከተማ ይዞራል። አዳራሽ ውስጥ ነፋስ የለም፣ ፀሐይ ዓይን አይወጋም፣ ኳሱም ብዙ ጊዜ ከወለሉ ፈጥኖ ይነሣል። ስለዚህ ሰርቪሱ፣ ማለትም ነጥቡን የሚያስጀምርበት ምት፣ ጠንካራ የሆነ ሰው ይጠቀማል። ለተሸናፊ ግን ክፉ ቦታ ነው፤ የሚያመካኝበት ነገር አያገኝም። በመጀመሪያዎቹ ቀናት ወንበሩ ባዶ ስለሚሆን ተጫዋቹ በስፓኒሽም ይሁን በቼክ ቋንቋ ራሱን ሲሳደብ ድምፁ ጣሪያውን መትቶ ይመለሳል። በአንዱ ነጥብና በሚቀጥለው መካከል 25 ሰከንድ የሚቆጥር ሰዓት ይበራል። በዚያች ጊዜ ላቡን ይጠርጋል፣ ፎጣውን ራሱ ወስዶ ያስቀምጣል፣ የራኬቱን ጅማት በጣቱ እያስተካከለ ያስባል። ይህ ሰው በሙያው ከዓለም ሁለት መቶ ምናምነኛ ነው። ከእኛ መካከል በሚሠራው ሥራ ከዓለም ሁለት መቶኛ የሆነ ማን አለ? እኔ በኦዲት ከምሥራቅ ጎጃም ስንተኛ እንደነበርሁም እንጃ።

ከቻሌንጀር በታች ደግሞ ዓለም አቀፉ የቴኒስ ፌዴሬሽን የሚያካሂዳቸው ውድድሮች አሉ። ዝቅተኛው ኤም 15 ይባላል፤ የሽልማቱ ጠቅላላ ገንዘብ 15,000 ዶላር ስለሆነ ነው። እስቲ እንደ ልማዴ መዝገቡን ከግርጌው ልጀምር። ዋናው ድልድል 32 ሰዎች አሉት። ለዓመታት በተሠራበት የክፍያ ሠንጠረዥ በመጀመሪያው ዙር የሚወድቁት 16ቱ እያንዳንዳቸው 156 ዶላር ይዘው ይሄዳሉ። በሁለተኛው ዙር የሚቀሩት 8ቱ 258፣ በሩብ ፍጻሜ የሚቀሩት 4ቱ 438፣ በግማሽ ፍጻሜ የሚቀሩት ሁለቱ 752 ዶላር ያገኛሉ። ለፍጻሜ ደርሶ የተሸነፈው 1,272 ሲደርሰው አምስት ጨዋታ አሸንፎ ዋንጫ ያነሣው 2,160 ዶላር ይቆጥራል። ደምሬዋለሁ፤ 11,248 ይመጣል። ቀሪው ለጥንድ ተጫዋቾች ነው። በማጣሪያው የወደቀ ሰው ስሙም ከዚህ ሠንጠረዥ አይገባም።

አሁን ወደ ወጪው ዓምድ እንሻገር። የአውሮፕላን ትኬት አለ። ምግብ አለ። በቻሌንጀር ዋናው ድልድል ለገባ ተጫዋች አዘጋጁ የሆቴል ክፍል ይሰጠዋል፤ በታችኛው እርከን ግን አብዛኛውን ጊዜ ከኪሱ ነው። ጅማት የሚወጥርለት ባለሙያ በየራኬቱ ያስከፍለዋል፤ ራኬት ደግሞ አንድ ብቻ ይዞ የሚሄድ የለም። ብዙ አገሮች ከሽልማቱ ላይ ግብር ቆርጠው ያስቀራሉ። አሠልጣኝ ይዞ መዞርማ የማይታሰብ ነው። በመጀመሪያው ዙር የወደቀው ልጅ 156 ዶላሩን ይዞ የሚቀጥለው ሳምንት ውድድር የት እንደሆነ ካርታ ላይ ይፈልጋል። በሌላ በኩል ደግሞ በ2024 በእንግሊዝ አገሩ ትልቅ ውድድር በዊምብልደን በመጀመሪያው ዙር የተሸነፈ ተጫዋች 60,000 ፓውንድ ተከፍሎታል (ዓመቶቹን ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ)። ጨዋታው አንድ ነው፣ ኳሱ አንድ ነው፣ የመረቡም ቁመት አንድ ነው።

ይህ የእኔ ማጋነን እንዳይመስላችሁ ፌዴሬሽኑ ራሱ አስጠንቶታል። በ2013 በፕሮፌሽናል ውድድሮች የተሳተፉት 14,000 ያህል ሲሆኑ ግማሽ የሚጠጉት አንድም ዶላር አላገኙም። በወንዶች ገቢና ወጪ የሚካካሰው 336ኛው ደረጃ ላይ ሆኖ ተገኘ፤ ያውም የአሠልጣኝ ወጪ ሳይታሰብ። ከ2024 ጀምሮ ኤቲፒ እስከ 250ኛ ላሉት ዝቅተኛ የዓመት ገቢ ዋስትና መስጠት ጀምሯል፤ ሲጀመር ከ176ኛ እስከ 250ኛ ላለው 75,000 ዶላር ነበር። ደግ አደረጉ። ሦስት መቶኛው ሰው ግን አሁንም ከመስመሩ ውጭ ነው።

በእኛ አገር ይህን ዓይነት ኑሮ የሚኖር ሰው ብፈልግ ያገኘሁት የቅኔ ተማሪውን ነው። አኩፋዳውን አንግቶ ከዋሸራ ወደ ዲማ፣ ከዲማ ወደ ጎንጅ፣ መምህር ፍለጋ ይዞራል፤ ውሻ ያባርረዋል፣ ብርድ ይገርፈዋል፣ ከጓደኞቹ ጋር በየዕለቱ ይፎካከራል። ልዩነቱ ግን ትልቅ ነው። የቅኔ ተማሪውን የጎጃም ገበሬ ያበላዋል፤ “በእንተ ስማ ለማርያም” ሲል ቁራሽ የሚከለክለው ደጃፍ ጥቂት ነው። የቴኒሱን ተማሪ ማን ያበላዋል? ፈረንሳዊ ወይም እንግሊዛዊ ከሆነ ትልቁን ውድድር የምታስተናግደው አገሩ ፌዴሬሽን ሀብታም ነው፤ ያግዘዋል፣ በአገሩ ውድድር ያለ ማጣሪያ የሚገባበትን ግብዣም ይሰጠዋል። ከሌላ አገር የመጣው የሚበላው የአባቱን ጥሪት ነው። ሙያ ስትመርጡ ሁለተኛ ጥያቄ አድርጋችሁ ያዙት፤ እስክማር ድረስ የሚያበላኝ ማን ነው? ይህን ሳይመልስ የተነሣ ልጅ መንገድ ላይ ይቀራል፣ ስንፍናው ነው ተብሎም ይታማል።

“ታዲያ ያኒክ ሲነርስ?” የሚለኝ አይጠፋም። እውነት ነው። በየካቲት 2019 ጣሊያናዊው ሲነር በአዘጋጆቹ ግብዣ ቤርጋሞ አዳራሽ ሲገባ 17 ዓመቱ ነበር፤ ደረጃውም ከአምስት መቶኛ በታች። ውድድሩን አሸንፎ ወጣ። በሰኔ 2024 የዓለም አንደኛ ሆነ። ታሪኩን እወደዋለሁ፤ ማስረጃ ነው ብላችሁ ብታቀርቡልኝ ግን አልቀበልም። ማስረጃ የሚሆነኝ በዚያው ሳምንት፣ በዚያው አዳራሽ፣ ከዚያው ድልድል ውስጥ የነበሩት ሌሎቹ ናቸው። የእነርሱን ስም የሚጠራ የለም፤ ሆኖም ውድድር እንዲኖር ያደረጉት እነርሱ ናቸው።

እንደ እነዚህ ካሉት ተጫዋቾች አንዱን ላስተዋውቃችሁ። ማርኮ ትሩንጄሊቲ ይባላል፤ አርጀንቲናዊ ነው። በ2018 በፈረንሳይ ኦፕን ማጣሪያ ተሸንፎ ወደሚኖርበት ባርሴሎና ተመለሰ። ከዚያ በኋላ ሌሎች ተጫዋቾች በጉዳት ራሳቸውን ሲያገልሉ ከማጣሪያው ተሸናፊዎች ለአንዱ ቦታ ተከፈተ። እርሱም እናቱን፣ ወንድሙንና አያቱን ሳይቀር በተከራየው መኪና ጭኖ አሥር ሰዓት ያህል ነድቶ ፓሪስ ገባ፤ በማግስቱ በርናርድ ቶሚችን አሸነፈ። ለሁለተኛው ዙር 79,000 ዩሮ አገኘ። ዓለም የሚያወራው ይህን የአያቱን ታሪክ ነው። እኔ የምነግራችሁ ሌላውን ነው። ከዚያ ከሦስት ዓመት በፊት ሆን ብሎ ለሚሸነፍ ተጫዋች የሚከፍሉ ሰዎች ቀርበውት ነበር። ገንዘቡ እንደሚያስፈልገው ያውቁ ነበርና ነው የቀረቡት። አልቀበልም ብሎ ለሚመለከተው አካል አመለከተ፣ መሰከረም፤ በዚህ የተነሣ የተቀጡ ተጫዋቾች ነበሩ። ምስጋና ሲጠብቅ ያገኘው “አሳባቂ” መባል ነበር፤ የሙያ ጓደኞቹ ፊታቸውን እንዳዞሩበት በኋላ በአደባባይ ተናግሯል። በ2024፣ በ34 ዓመቱ፣ እዚሁ አፍሪካ፣ ኪጋሊ በተካሄደው ቻሌንጀር ዋንጫ አነሣ። ያ ውድድር ውጭ፣ በሸክላ ሜዳ ላይ ነበር፤ ሽልማቱም ቤት የሚያሠራ አይደለም። በመዝገብ ምርመራ ዘመኔ “እምቢ” ያለ ንብረት ያዥ ምን እንደሚደርስበት ስላየሁ ይህ ሰው ኪጋሊ ላይ ሲያሸንፍ ብቻዬን አጨበጨብሁ።

ወደ ውርርዱ ልመለስ። ጣሊያን ውስጥ ዳኛው ከፍ ካለው ወንበር ላይ ሆኖ እያንዳንዱን ነጥብ በእጁ በያዘው መሣሪያ ይመዘግባል። ያ ነጥብ የሚሸጥ ዕቃ ነው። በ2012 ዓለም አቀፉ ፌዴሬሽን የትንንሾቹን ውድድሮች የቀጥታ ውጤት ለመረጃ ኩባንያ ሸጠ፤ ኩባንያውም ለአወራራጆች ያከፋፍላል። ከዚያ በፊት ማንም የማያየው ጨዋታ ባንድ ጊዜ ባሕር ዳር ድረስ የሚወራረዱበት ሆነ። በ2018 የቴኒስን ንጽሕና የመረመረው ገለልተኛ ቡድን ችግሩ በዝቅተኛውና በመካከለኛው እርከን እንደሚበረታ አስታውቆ በዝቅተኛው እርከን ይህ ሽያጭ እንዲቆም መክሯል። ምክንያቱ ለሒሳብ ሰው ግልጽ ነው። 156 ዶላር የሚያገኝ ሰው በሚጫወትበት ሜዳ ላይ ብዙ ሺህ ዶላር ውርርድ ከተቀመጠ አንድ ቀን አንዱ ያንኳኳል። እናንተ ትኬት ስትቆርጡ ስለ ኳሱ የምትገምቱ ይመስላችኋል፤ የምትገምቱት ግን ያልበላ ሰው ሲያንኳኩበት በሩን መክፈት አለመክፈቱን ነው። ይህን ደግሞ ከዚህ ሆኖ የሚያውቅ የለም። የእህቴን ልጅ በሃይማኖት ገሥጬው አልሰማኝም፤ ሠንጠረዡን ሳሳየው ግን ዝም አለ። ተወ አላልሁም፤ ዝም አለ።

ይህንኑ ጥያቄ ወደ እናንተ ሙያ አዙሩት። ሯጭ ልሁን የምትል ልጅ በኦሊምፒክ የምታየውን ትታ በማትታወቅ ከተማ ማራቶን አሥራ አምስተኛ የወጣችው ስንት እንዳገኘች፣ ወኪሏ ስንት እንደወሰደ ትጠይቅ። ዘፋኝ፣ ኳስ ተጫዋች፣ የቪዲዮ ሥራ የሚሉትም እንደዚያው። ባንጻሩ የባሕር ዳርን ሦስት መቶኛ ኤሌክትሪክ ሠራተኛ ፈልጋችሁ ብታገኙት ልጆቹን ሲያስተምር ታገኙታላችሁ። በዚህ አልተዘፈነም፤ መዝገቡ ግን ይመሰክራል። ወደ ጠባቡ በር አትግቡ ማለቴ አይደለም። ወጪውን አውቆ የገባ ሰው ሲወድቅ ራሱን አይጠላም፤ ሳያውቅ የገባው ግን ጥፋቱ ሁሉ የራሱ ይመስለዋል።

በመጨረሻ ልጇ በራኬት ፍቅር እንደተያዘ ለነገረችኝ የፍኖተ ሰላም እናት። እመቤቴ፣ ልጁን አትከልክይው። ከፍ ባለ አገር አየሩ ስስ ስለሆነ ኳስ ይበርራል፤ ደንቡም ከባሕር ወለል በላይ ከ1,219 ሜትር ለሚበልጥ ቦታ ለከፍታ ተብሎ የተሠራ ኳስ ይፈቅዳል። እኛ ሁላችንም ከዚያ በላይ ነን። ስለዚህ እዚህ የለመደ ልጅ ቆላ ሲወርድ ኳሱ የከበደው መስሎት እንዳይደነግጥ አሠልጣኙ ቀድሞ ይንገረው። ትምህርቱን አያቋርጥ፤ ደቡብ አፍሪካዊው ኬቪን አንደርሰን በአሜሪካ የኢሊኖይ ዩኒቨርሲቲ እየተማረ ተጫውቶ ነው በ2017 የዩኤስ ኦፕን፣ በ2018 የዊምብልደን ፍጻሜ የደረሰው። በዚያ መንገድ የሚያበላው ዩኒቨርሲቲው ነው። ከመጫወቱም ጋር ጅማት መወጠርና ዳኝነት ይማር፤ ሁለቱም በየውድድሩ የሚፈለጉ ሥራዎች ናቸው። የሁለት ዓመት ወጪውን፣ ከጫማ እስከ አውቶቡስ፣ በአንድ ወረቀት ላይ ጻፊና ላኪልኝ፤ እኔ እደምረዋለሁ።