መልስ፦ ጋሪ ሲጠመድ የሚራገጥ ፈረስ
ወንድሜ፣ ፈረሴ ጋሪ ስጠምደው ለምን ይራገጣል ብለሃል። አለንጋውን አስቀምጥና መጀመሪያ ጀርባውን በመዳፍህ ዳብሰው። ያበጠ ወይም ፀጉሩ የተላጠ ቦታ ካለ አሞታል ማለት ነው፤ እስኪድን አትጥመደው። ቢሾፍቱ አካባቢ ከሆንክ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የእንስሳት ሕክምና ኮሌጅ እዚያው ነው፣ አሳየው።

ደህና ከሆነ እያናገርከው በግራ ትከሻው በኩል ቅረብ። ከኋላ በፍጹም አትምጣበት። ከኮርቻው ስር የሚገባው ጨርቅ ንጹህና ደረቅ ይሁን። እኔ አንዴ የደረቀ ጭቃ ሳላራግፍ ጭኜ የፈረሴን ጀርባ አቁስያለሁ፣ እስካሁን ይቆጨኛል። የሆዱ ጠፍር ሁለት ጣት ያስገባ። የደረቱ ጠፍር ደግሞ ጉሮሮውን እንዳያንቀው ዝቅ ይበል።

ስትፈታ ደግሞ ልጓሙን መጨረሻ ላይ አውልቅ። ጋሪው ሳይፈታ ልጓሙ የወለቀ ፈረስ ከደነበረ የሚይዘው የለም።