ባሕር ዛፉን እንንቀለው ወይስ እንተወው?

ጥያቄ፦ ይድረስ ለዓምዱ አዘጋጅ። ከሽሮ ሜዳ ከፍ ብሎ በእንጦጦ ግርጌ የምንኖር የአንድ እድር አባላት ነን። ከቤቶቻችን በላይ ያለውን ተዳፋት እንድንንከባከበው ተሰጥቶናል። ቦታውን የሸፈነው ባሕር ዛፍ ነው። በታችኛው ጫፍ አንዲት ምንጭ አለች፤ ጥር ካለፈ ትደርቃለች። ግማሾቻችን «ምንጯን የጨረሳት ባሕር ዛፉ ነውና ተነቅሎ ይለቅ፤ ጽድ እንትከል» እንላለን። የቀሩት ደግሞ «ዛፍ ቆርጦ ዛፍ መትከል ምን የሚሉት ሥራ ነው?» ይላሉ። ክረምት ሳይገባ መወሰን አለብን፤ ምን ይመክሩናል?
የእድሩ ጸሐፊ

መልስ፦ ተነቅሎ ይለቅ የሚለውን ሐሳብ ተዉት። ይህን አስቀድሜ ልናገርና ምክንያቱን ላስከትል።

አዲስ አበባ በዓመት ከ1,000 ሚሊ ሜትር የሚበልጥ ዝናብ ታገኛለች፤ አብዛኛውም የሚወርደው በክረምቱ ወራት ነው። በግንቦት ራቁቱን ያስቀራችሁት ተዳፋት በሐምሌ አፈሩን ይዞ ወደ ቤቶቻችሁ ይወርዳል። የጽድ ችግኝ ደግሞ በዚያ ክረምት ቁመቱ ከጉልበት አያልፍም፤ አፈር የሚይዝ ሥር እስኪያበጅ ዓመታት ይወስዳል። እስከዚያው ገደሉን ማን ያዘው ብላችሁ ነው?

ባሕር ዛፍን በጅምላ መርገም አሁን ፋሽን ሆኗል። ይህች ከተማ ግን ውለታውን መርሳት የለባትም። ዳግማዊ ምኒልክ አዲስ አበባን ከቆረቆሩ ብዙም ሳይቆይ በዙሪያዋ ያለው ጽድና ወይራ ለማገዶና ለቤት መሥሪያ አልቆ ስለነበር፣ ቤተ መንግሥቱን በስተ ምዕራብ ወደ አዲስ ዓለም ለማዛወር ታስቦ ነበር። በ1880ዎቹ ከውጭ የመጣው ባሕር ዛፍ ቶሎ ቶሎ ደርሶ ማገዶውንም አጣናውንም ባይሸፍን ኖሮ ከተማዋ እዚህ መቅረቷ ያጠራጥር ነበር። አዲስ ዓለም የተጀመረው ቤተ መንግሥትም በኋላ ቤተ ክርስቲያን ሆነ።

ምንጯን በተመለከተ ግን ከሳሾቹ እውነት አላቸው። ባሕር ዛፍ በፍጥነት የሚያድገው ብዙ ውኃ እየጠጣ ነው፤ ጥልቀት በሌለው የከርሰ ምድር ውኃ አጠገብ ሲቆም ምንጭ ያደርቃል። ስለዚህ ከምንጯ ዙሪያና ውኃው ከሚወርድበት ቦይ ግራና ቀኝ ያለውን አስወግዱ፤ እሱንም በአንድ ጊዜ ሳይሆን በየዓመቱ ከፋፍላችሁ። የጋራ ይዞታ ስለሆነ ወረዳውን ሳታስፈቅዱ መጋዝ አታንሡ። ቆርጣችሁ ብቻ ብትተዉት ጉቶው አቆጥቁጦ በአንዱ ፋንታ አራትና አምስት ግንድ ይሰጣችኋል። ጉቶውን ዝቅ አድርጋችሁ ከቆረጣችሁ በኋላ ቅርፊቱን እስከ አፈሩ ውስጥ ድረስ ግፈፉት፤ ያመለጠ ቡቃያ ካለም ለጋ ሳለ ስበሩት። በቦታው ውኃ ዳር የሚወደውን አኻያ፣ ትንሽ ራቅ አድርጋችሁ ኮሶና ጥቁር እንጨት ትከሉ።

የላይኛውን ተዳፋት አሳሱት እንጂ አታራቁቱት። ብርሃን መሬት ሲደርስ ጽድና ወይራ በባሕር ዛፍ ጥላ ሥር በራሳቸው ይበቅላሉ። ፍሬያቸውን ወፎች በልተው ዘሩን ይጥሉታል፤ የተፈጥሮ ደን በቅርብ ካለ ይህ በነጻ የሚገኝ የችግኝ ጣቢያ ነው። በወጨጫ ተራራ ሥር ያለው የመናገሻ ሱባ ደን፣ እንደሚነገረው በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመን በሰሜን ሸዋ ካለው የወፍ ዋሻ ደን በመጣ ዘር የተተከለ ነው። ዛሬም ጉሬዛ ይዘልበታል። በግምት ሳይሆን ዐይታችሁ እንድትወስኑ፣ ከድምፅ መስጠቱ በፊት ሽማግሌዎቻችሁን ይዛችሁ አንድ ቀን ሄዳችሁ ተመልከቱት። ከጽዶቹ ሥር ጎንበስ ብላችሁ እጃችሁን ወደ አፈሩ ብትሰዱ፣ ከላይ ደረቅ ቅጠል፣ ከዚያ የበሰበሰ ቅጠል፣ ቀጥሎ ጥቁርና እርጥብ አፈር ታገኛላችሁ። ዝናቡን ተቀብሎ ቀስ እያለ ለምንጭ የሚያቀብለው ይህ ድርብርብ ነው።

አሁን ያልጠየቃችሁኝን ልንገራችሁ። በእናንተ ተዳፋት ላይ ይህ ድርብርብ የለም ብዬ ብወራረድ አልከስርም። ለምን ቢሉ፣ ለእንጀራ መጋገሪያ ቅጠሉ በየቀኑ ተጠርጎ ስለሚወሰድ ነው። ጡረታ ከመውጣቴ በፊት የደን ባለሙያ ሆኜ ስሠራ እንጦጦ ላይ ያየሁት አብዛኛው የተሸረሸረ መሬት ዛፍ የሌለበት አልነበረም። ዛፉ እላዩ ላይ ቆሟል፤ ከሥሩ ያለው ግን እንደ ተጠረገ ግቢ ባዶ ነው። ከረጅም ቅርንጫፍ የሚወርድ ትልቅ የዝናብ ጠብታ ባዶ አፈር ሲያገኝ ይቦረቡረዋል። ቅጠል የማይቀርበት መሬት ላይ ጽድ ብትተክሉም ምንጯ አትመለስም።

ታዲያ ቅጠል የሚጠርጉትንና ጭራሮ ተሸክመው የሚወርዱትን ሴቶች በዘበኛ አባርሩ ማለቴ አይደለም። ያን ሁሉ ቁልቁለት በጀርባ ሸክም የሚወርድ ሰው ሌላ አማራጭ ቢኖረው አይወርደውም። ብታባርሯቸውም በሌሊት ይመጣሉ፤ ያን ጊዜ ችግኛችሁን የሚጠብቅላችሁ አታገኙም። ሲሳሳ የሚወጣውን ቅርንጫፍና ጭራሮ ለእነርሱ ስጡ፤ ቅጠሉ ግን ባለበት ይቅር። ይህን ከእነርሱ ጋር ተቀምጣችሁ ተስማሙና በእድሩ ቃለ ጉባኤ ላይ አስፍሩት።

ስለ ተከላው ብዙ አልልም። ጉድጓዱን በግንቦት ቆፍሩ፤ ዝናቡ ሲደላደል ትከሉ። ፕላስቲኩን ግን አውልቁ! በየክረምቱ በዘመቻ ከነፕላስቲኩ የሚቀበር ችግኝ ሥሩ ተጠቅልሎ ታንቆ ሲቀር ማየት ያንገበግበኛል። በጥርና በየካቲት ማን ውኃ እንደሚያጠጣ ደግሞ አሁኑኑ በስም መድቡ፤ በሐምሌ ለመትከል የሚወጣው ሕዝብ ያኔ አይገኝም።