«ቀኑ አልፏል» ከተባለ በኋላ፦ ስለ ሕንድ የስፔሻሊቲ ሕክምና መግቢያ ክርክሮች

በሕንድ ሐኪሞች ለስፔሻሊቲ የሚወዳደሩት ኒት ፒጂ በሚባለው አገር አቀፍ ፈተና ነው። ከውጤቱ በኋላ ድልድሉ በየዙሩ ይካሄዳል፤ የመጨረሻው የምዝገባ ቀን ካለፈ በሩ ይዘጋል። ከጥያቄዎቻችሁ አምስቱን እነሆ። ዓመታቱ፣ ወራቱና ቀኖቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ በ2022 የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት 1,456 ቦታዎች ባዶ ቀርተው እያለ ተጨማሪ ዙር ከለከለ። ሐኪም በሚያጥርበት አገር ይህ ፍትሕ ነው?

መልስ፦ ቁጥሩ ያስቆጫል፤ ውሳኔው ግን ትክክል ነው እላለሁ። ፍርዱ በሰኔ 10 ሲሰጥ የዚያ ዙር ተማሪዎች ትምህርት ከጀመሩ ወራት አልፈዋል፤ የቀጣዩ ዓመት ፈተናም ግንቦት 21 ቀን ተሰጥቶ አልቋል። ትምህርቱ የሦስት ዓመት ነው፤ ወራት ዘግይቶ የገባ ሬዚደንት (ስፔሻሊቲ የሚማር ሐኪም) የሚያጣው በሽተኛ አጠገብ የሚማርበትን ጊዜ ነው። ባዶ ከቀሩት ቦታዎች አብዛኞቹ ደግሞ እንደ አናቶሚና ባዮኬሚስትሪ ያሉ፣ በሽተኛ የማይታይባቸው ዘርፎች ነበሩ፤ ቦታዎቹን ባዶ የሚያስቀረው የቀን መቁጠሪያው ሳይሆን ፈላጊ ማጣታቸው ነው። ፍርድ ቤቱ በ2019ም ከ1,000 በላይ ቦታዎች ባዶ ሆነው ተመሳሳይ ጥያቄ ውድቅ አድርጓል።

ሌላም የማይታይ ጉዳት አለ። ዙር በተጨመረ ቁጥር የተሻለ ቦታ ብቅ ካለ፣ ቀድሞ ያገኘውን ይዞ የተቀመጠው ባለ ከፍተኛ ውጤት ተመልካች ይሆናል፤ ከእሱ በታች ያለው ይወስደዋል። በመጋቢት 2022 መጨረሻ 146 አዲስ ቦታዎች ዘግይተው በመጨመራቸው ይህ ተከሰተና ፍርድ ቤቱ የዚያን ዙር ድልድል ሰርዞ እንደገና እንዲሠራ አዟል።

ጥያቄ፦ ተመድቤ ሄጄ ኮሌጁ በመጨረሻው ቀን «ሰነድ ይጎድላል» እያለ አመላልሶ ሰዓቱን ካሳለፈብኝ መብት አለኝ?

መልስ፦ አለዎት፤ ግን በቀናት ይለካል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በታኅሣሥ 2019 በሰጠው ፍርድ፣ ጥፋት የሌለበትና ሳይዘገይ ፍርድ ቤት የደረሰ ተማሪ ቀኑ ካለፈም በኋላ ሊካስ እንደሚችል ወስኗል፤ ሆኖም ያ ፍርድ የሚመለከተው የመጀመሪያ ዲግሪውን ብቻ እንደሆነ በግልጽ ጽፏል። ብዙ ጠበቆች ይህችን መስመር ይዘሏታል። ለስፔሻሊቲ የሚጠቀሰው የዚሁ ፍርድ ቤት የታኅሣሥ 2020 ውሳኔ ነው፦ ኮሌጅ ያለ አግባብ ያስቀራት የጠቅላላ ቀዶ ሕክምና አመልካች ለተከታዩ ዓመት ከኮሌጁ የራሱ ኮታ ቦታ እንዲሰጣትና 1 ሚሊዮን ሩፒ እንዲከፈላት ተደርጓል። ከጠቅላዩ በታች ያለው ከፍተኛው ፍርድ ቤት ያዘዘው የተጨማሪ ቦታ መፍጠር ግን ተሽሯል፤ የስፔሻሊቲ ቦታ በመምህርና በአልጋ ብዛት የተፈቀደ ስለሆነ ኮሌጅ ወንበር ጨምሮ አይገላገልም።

ስለዚህ በዚያው ቀን ከግቢው ሳይወጡ ለኃላፊው በጽሑፍ «ቀርቤአለሁ፣ ሰነዶቼ እነዚህ ናቸው፣ ክፍያዬ ዝግጁ ነው» ይበሉ፤ ቅጂው ላይ ማኅተምና ሰዓት ያስደርጉ። እምቢ ካሉ ያንኑ በኢሜይል ለኮሌጁም ለድልድል ኮሚቴውም ይላኩ፤ ኢሜይሉ ሰዓቱን ይመሰክራል። የምደባ ደብዳቤውንና የባንክ ማዘዣውን ኮፒ አያይዙ። ከዚያ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 226 መሠረት ለከፍተኛው ፍርድ ቤት አቤቱታ ያቅርቡ፤ ዋናው ነገር ያለው ጊዜያዊ ትእዛዙ ላይ ነው፦ ክርክሩ እስኪያልቅ አንድ ቦታ ባዶ ሆኖ እንዲቆይ ይጠይቁ። ቦታው ለሌላ ተሰጥቶ ከሆነ ያንን ሰው የክርክሩ ተካፋይ ያድርጉ፤ እሱ ሳይሰማ ቦታውን ሊነጠቅ ስለማይችል፣ ካላካተቱት አቤቱታው እዚያ ይሰበራል። ሁለት ሳምንት ቆይተው ከሄዱ ደግሞ «ሳይዘገይ» የሚለው ቃል በእርስዎ ላይ ይዞራል።

ጥያቄ፦ ኢንተርንሺፔ (ለመወዳደር ማለቅ ያለበት የሆስፒታል ልምምድ) ከተቆረጠው ቀን ትንሽ ዘግይቶ ያልቃል። ልከስ?

መልስ፦ መጀመሪያ ለጤና ሚኒስቴሩ ያመልክቱ። በ2023 ፍርድ ቤቱ ፈተናውን አላራዝምም ብሎ በመጋቢት 5 ተሰጠ፤ የኢንተርንሺፕ ማብቂያው ግን በአስተዳደር ውሳኔ ከመጋቢት 31 ወደ ሰኔ 30፣ ከዚያም ወደ ነሐሴ 11 ተገፍቷል። በ2022ም ወደ ሐምሌ 31 ተራዝሞ ነበር። የቀሩባቸውን ቀናት አስቀድመው ይቁጠሩ፤ ማካካሻው ሳይታሰብ ሰው ከቀኑ ያሳልፋል።

ጥያቄ፦ የደረሰኝን ቦታ ብተወውስ?

መልስ፦ በመጀመሪያው ዙር ያለ ቅጣት ይወጣሉ። በሁለተኛው ለድልድሉ ያስያዙትን ገንዘብ (ማስያዣ) ያጣሉ። በመጨረሻው የክፍት ቦታዎች ዙር ተመድቦ አለመመዝገብ ከማስያዣው በላይ የፈተና እገዳ ያስከትላል።

ጥያቄ፦ «ቀኑ ቢያልፍም እናስገባሃለን» የሚል የግል ኮሌጅ ብቀበል?

መልስ፦ አይቀበሉ። የሕክምና ትምህርት ተቆጣጣሪው አካል ከቀኑ በኋላ የገባን ተማሪ ያሰናብታል፤ የከፈሉትን ክፍያ ለማስመለስ ሌላ ክስ ያስፈልግዎታል። በ2012 በቻቲስጋር (የሕንድ ግዛት) ጉዳይ ያለ አግባብ የገቡ ሁለት የመጀመሪያ ዲግሪ ተማሪዎች ትምህርታቸው ሊያልቅ ስለተቃረበ ብቻ እንዲቀጥሉ ተፈቅዶላቸው እያንዳንዳቸው 500,000 ሩፒ እንዲከፍሉ ተደርገዋል፤ ቀን የሚጥሱ ኃላፊዎችም ፍርድ ቤትን በመድፈር እንደሚጠየቁ ተወስኗል። ኮሌጁ ቃሉን በጽሑፍ እንዲሰጥዎት ይጠይቁ፤ አብዛኛውን ጊዜ ንግግሩ እዚያው ያበቃል።